ዛፍ ላይ ያረፈው እንግዳ

እኛ ከተሜዎች ለአረንጓዴ ነገር ያለን ፍቅር የሚጀምረው ከገበያ ነው። ሳሎኑን ማሳመር ያማረው ሰው መንገድ ዳር ካሉ ችግኝ ሻጮች ዘንድ ሄዶ ፈርን ይገዛል። ከሚሸጡት አንዱ፣ ቦስተን ፈርን የሚባለው፣ ዘሩ ከአሜሪካ ሞቃታማ አገሮች የመጣ ነው። የአገራችን ፈርን ግን በየዛፉና በየገደሉ ላይ በቅሎ ዞር ብሎ የሚያየው የለም። በእጅ የያዙት ወርቅ እንደ መዳብ ይቆጠራል ማለት ይኸው አይደለም?

ለመሆኑ ፈርንን በምን እናውቀዋለን? አያብብም፤ ፍሬም ዘርም የለውም። አዲሱ ቅጠል እንደ ቀንድ አውጣ ቤት ተጠቅልሎ ይወጣና ቀስ እያለ ይዘረጋል። የበሰለውን ቅጠል ገልብጣችሁ ብታዩት ቡናማ ነጠብጣቦች ወይም መስመሮች ታገኛላችሁ። መራቢያው፣ ስፖር የሚባለው ዱቄት፣ የሚቀመጠው እዚያ ነው። በአበባ እቅፍ መካከል የሚሰካውን ላባ መሳይ ቅጠል ብዙ ሰው ፈርን ይለዋል። እሱ ግን አስፓራገስ ነው፤ የሴት ቀስት የምንለው ተክል ዘመድ ሲሆን ያብባል፣ ያፈራልም።

ይህን ሁሉ ያስተማረኝ ዲላ ያለው የታላቅ እኅቴ ግቢ ነው። ግቢው ውስጥ አባታችን ለቡናው ጥላ ብሎ ያስቀረው አንድ አሮጌ ዋንዛ አለ። እኅቴ ሦስት የኪራይ ክፍሎች ልትሠራ አሰበች። ዋንዛው ደግሞ ቅርንጫፎቹ ሁሉ በቅጠል ተወረው ነበር። «ተቀጽላ ጨርሶታል፤ ሳይወድቅብን ይቆረጥ» አለች። እውነትም ተቀጽላ ቢሆን ኖሮ መልስ አልነበረኝም። ተቀጽላ ሥሩን ወደ ዛፉ ሰድዶ ውሃውን ይስባልና።

መሰላል ተውሼ ወጣሁ። ያገኘሁት ተክል ሁለት ዓይነት ቅጠል ነበረው። አንዱ ረጅምና አረንጓዴ፣ እንደ ጣት የተከፋፈለ ነው። ሌላው አጭርና ቡናማ፣ የደረቀ የሚመስል፣ ቅርንጫፉን ያቀፈ ነው። ከቡናማው ሥር እጄን ብሰድ ለስላሳ ጥቁር አፈር አገኘሁ። መሬት ሳይነካ አፈር ከየት መጣ? አንድ ቅጠል በጋዜጣ መሐል አድርቄ አራት ኪሎ ወደሚገኘው የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ብሔራዊ ሄርባሪየም ወሰድኩት። ስሙ ድሪናሪያ ቮልከንሲ ሆኖ ተገኘ፤ የደቡብና የደቡብ ምዕራብ እርጥብ ደኖቻችን ፈርን ነው። ቡናማው ቅጠል ቅርጫቱ ነው። ከላይ የሚረግፈውን ቅጠልና አቧራ አጠራቅሞ የራሱን አፈር ያዘጋጃል። ከዛፉ የሚፈልገው ማረፊያ ብቻ ነው።

ፈርኖቻችን ተራ ሲጠብቁ የኖሩ ናቸው። የኢትዮጵያና የኤርትራ ዕፅዋት መጻሕፍት መታተም የጀመሩት እ.ኤ.አ. በ1989 በ3ኛው ቅጽ ሲሆን፣ ፈርን ያለበት 1ኛው ቅጽ የወጣው በ2009 ነው።

ወደ ዲላ ተመልሼ ነገሩን ሳስረዳ ጎረቤታችን የሆኑት የጌዴኦ አዛውንት ፈገግ አሉ። «እሱማ እንግዳ ነው፤ የሚያርፈው ጥላና እርጥበት ያለበት ቤት ነው» አሉ። የጌዴኦ ገበሬ ዛፍን፣ እንሰትንና ቡናን በአንድ ማሳ ደራርቦ ያኖራል። ዩኔስኮም ይህን መልክዓ ምድር እ.ኤ.አ. በ2023 በዓለም ቅርስነት መዝግቦታል። አሮጌውን የጥላ ዛፍ ቆርጠን ባሕር ዛፍ ብንተካ ግን እንግዳው የት ያርፋል? ባሕር ዛፍ ልጡን እየላጠ ስለሚጥል የያዘውን ሁሉ ያራግፋል።

እኅቴ ብዙ አሰበች። በመጨረሻ «እሺ ይቅር፤ የሦስተኛውን ክፍል ኪራይ ግን አንተ ትከፍላለህ» አለችኝ። ክፍሎቹ ሁለት ሆኑ፤ እኔም በየወሩ እልካለሁ። ለአንድ ዋንዛ ኪራይ የሚከፍል ሰው አይታችሁ ባታውቁ እነሆኝ።

በቤቱ ሊያሳድገው የሚሻ ቢኖር አንድ አደራ አለኝ፤ ከዛፉ ነቅላችሁ አትውሰዱ። በ19ኛው መቶ ዘመን እንግሊዞች የፈርን ፍቅር ይዟቸው ብርቅዬዎቹን ከየገደሉ ነቅለው አራቁተዋል። ዱቄቱ ይበቃል። የበሰለ ቅጠል ቆርጣችሁ በወረቀት ፖስታ ውስጥ አድርቁ። የወጣውን ቡናማ ዱቄት፣ የፈላ ውሃ ፈስሶበት በቀዘቀዘ እርጥብ አፈር ላይ በትኑ። በላስቲክ ሸፍናችሁ ከፀሐይ አርቁ። ከሳምንታት በኋላ ከጥፍር የምታንስ፣ ልብ የምትመስል አረንጓዴ ነገር ትወጣለች። ፈርኑ የሚፀነሰው እዚያች ላይ ነው። ወንዴው ወደ ሴቴው የሚደርሰው በውሃ ዋኝቶ ስለሆነ አፈሩ ከደረቀ ሁሉም ይቀራል። ሲጠነክር ግንዱን አትቅበሩት፤ የዛፍ ቅርፊት ላይ በገመድ እሰሩትና ጥላ ውስጥ ስቀሉት።

ጊዜ ይፈልጋል። በመስኮቴ ጥግ የዘራሁት ገና ልብ መሳይዋ ላይ ነው። ጠዋት ጠዋት ላስቲኩን ገለጥ አድርጌ እርጥበቱን አያለሁ፤ ከዚያም ወደ ሥራዬ እሄዳለሁ።