የመንጌ ሠርግ

ከአዲስ አበባ ወደ ምዕራብ 670 ኪሎ ሜትር ያህል ሲጓዙ አሶሳ ይደረሳል። መንጌ ከአሶሳ በስተሰሜን ናት። አገሩ ቆላ ነው። ቀርከሃ ሞልቶበታል፤ ቤቱም አጥሩም ከቀርከሃ ይሠራል። ሕዝቡ ማሽላ ያርሳል፣ ከወንዝ ወርቅ ያጥባል። አብዛኛው ሰው በርታ ነው።

እዚያ አገር ሠርግ ያለ ዋዛ አይደምቅም። በአማርኛ ዋዛ ስንል ቀልድ ማለታችን ነው። የበርታ ዋዛ ግን ቀልድ አይደለም፤ የቅል መለከት ነው። ቅሉ አንዱ ባንዱ ላይ እየተጋጠመ ረጅም ቱቦ ይሆናል። ትልቁ ወደ ሰው ቁመት ይጠጋል። ከድንበር ማዶ በሱዳን ያሉ በርታዎችም ይነፉታል። ታዲያ አንድ ዋዛ የሚያወጣው አንድ ድምፅ ብቻ ነው። ስለዚህ 10 ወይም 12 ሰው ሆኖ በየተራ ይነፋል። ዜማው የሚሞላው ሁሉም ሲኖር ነው።

እንግዲህ ጭንቁን አስቡት። የሠርጉ ቀን ደርሷል፤ አንድ ነፊ ግን የለም! አንዱ፣ «ወርቅ ሊያጥብ ወንዝ ወርዷል» ይላል። ሌላው፣ «ኧረ አህያ ፍለጋ ነው የሄደው» ይላል። ያለ እሱ ቢነፉት ዜማው ጥርሱ የወለቀ አፍ ይሆናል። ልጅ ይላካል። የተላከው ልጅም በዚያው ይቀራል። ሼሁ ኒካ ሊያስሩ መጥተው ቁጭ ብለዋል። እንግዳው ከተጠራው በዝቷል፤ ግን ማን ደፍሮ ተመለስ ይላል? የማሽላው ገንፎ እንደገና ይገነፋል፣ ባሚያውም እንደገና ይጣዳል። የሙሽሪት አባት ይወጣሉ፣ ይገባሉ።

የሙሽራው ጭንቅ ደግሞ ሌላ ነው። በቆየው ልማድ ወንዱ አማቱን ፊት ለፊት አያይም፣ አያነጋግራትም። ከሠርጉ በኋላ አንድ ዓመት ወይም ከዚያ በላይ የሚኖረው የት ይመስላችኋል? እዚያው እሷ ግቢ! እሷ በዚህ ስትመጣ እሱ በዚያ መዞር አለበት። ከአሁኑ መውጫ መግቢያውን ቢያጠና አይፈረድበትም።

በመጨረሻ ነፊው ይመጣል። እግሩ እስከ ጉልበቱ ጭቃ ነው። የሚቆጣው የለም፤ ጊዜ የታለና! ዋዛውን አንስቶ ይሰለፋል። ተራው ሲደርስ አንዲቱን ድምፁን «ቡ!» ያደርጋታል። ግቢው በእልልታ ይናጋል። አማትም ከማድ ቤት ሆና እልል ትላለች። ሙሽራው ድምፅዋን ለይቶ በሌላው በር ውልቅ ይላል።