ከአጥር ማዶ የተወረወረ ስንቅ

ዛሬ ስለ አንድ እንግሊዛዊ ኮሜዲ ፊልሞች ዳይሬክተር ልጽፍ ነው። ከፖለቲካው ሸሸህ እንዳትሉኝ፤ እስከ መጨረሻው ታገሡኝ።

ሄንሪ ኮርኔሊየስ እ.ኤ.አ. በ1913 የተወለደው በደቡብ አፍሪካ ነው። በርሊን ውስጥ ከማክስ ራይንሃርት ዘንድ የቴአትርን ጥበብ ተማረ፤ ናዚዎች ሥልጣን ሲይዙ ግን ወደ ፓሪስ፣ ከዚያም ወደ ለንደን ተሻገረ። እ.ኤ.አ. በ1958 በ44 ዓመቱ ሲሞት ራሱ ዳይሬክት አድርጎ የፈጸማቸው ፊልሞች አምስት ብቻ ነበሩ። በአሮጌ መኪኖች እሽቅድምድም የሚቀልደው የ1953ቱ «ጄኔቪቭ» ዝናን ቢያተርፍም፣ የዳይሬክተሩን ስም ዛሬ የሚያነሣ ጥቂት ነው።

እኔን የያዘኝ የመጀመሪያው ፊልሙ ነው። እ.ኤ.አ. በ1949 በኢሊንግ ስቱዲዮ የተሠራው «ፓስፖርት ወደ ፒምሊኮ»፣ በቲ.ኢ.ቢ. ክላርክ የተጻፈ ነው። በለንደን አንድ ሰፈር ከጦርነቱ የተረፈ ቦምብ ይፈነዳል። ከጉድጓዱ ሥር የተገኘ ጥንታዊ ሰነድ ሰፈሩ የእንግሊዝ ሳይሆን የቡርገንዲ ግዛት መሆኑን ያረጋግጣል። ነዋሪዎቹ የራሽን ደብተራቸውን ቀድደው ይፈነጥዛሉ። ደስታው ግን አይዘልቅም። መንግሥት ሰፈሩን በሽቦ ያጥራል፤ እነርሱም በአጸፋው የምድር ውስጥ ባቡር አስቁመው መንገደኛውን ፓስፖርት ይጠይቃሉ። በመጨረሻ ውሃም ምግብም ይቋረጥባቸዋል።

ፊልሙን ከጓደኞቼ ጋር ሳይ፣ ከባቡሩ ትዕይንት ላይ ሁሉም ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም። በ1990 ዓ.ም. ከኤርትራ ጋር ጦርነት በተጀመረ ሰሞን፣ አዲስ አበባ ውስጥ፣ ጋሼ እያልን የምንጠራቸው ጎረቤታችን በሌሊት ከቤታቸው ተወሰዱ። በራቸው ያው የትናንቱ በር፣ ቡና የምንጠራራበት ግቢም ያው ነበር፤ እርሳቸው ግን በአንድ ሌሊት የሌላ አገር ሰው ተባሉ። እናቴ ዳቦና በሶ ቋጥራ ልትወጣ ስትል፣ አባቴ «አርፈሽ ተቀመጪ፤ ነገር ወደ ቤት አትጥሪ» አላት። እናቴ ተቀመጠች። እኔ መጋረጃውን በጣቴ ገለጥ አድርጌ አየሁ።

በፊልሙ ውስጥ የለንደን ሰዎች ወደ ተከበበው ሰፈር መጥተው ከአጥሩ ማዶ ምግብ ይወረውራሉ። ያ ሁሉ ሳቅ የተደገፈው በዚህ እምነት ላይ ነው፤ መንግሥት ድንበር ቢያሰምርም ጎረቤት ጎረቤቱን አይረሳም።

ኮርኔሊየስ ይህን እምነት በየዋህነት የያዘው አይመስለኝም። እ.ኤ.አ. በ1955 ናዚዎች እየገነኑ ወደነበሩባት በርሊን ተመልሶ፣ በክሪስቶፈር ኢሸርውድ ድርሰት ላይ የተመሠረተ ፊልም ሠርቷል። ርእሱ «እኔ ካሜራ ነኝ» ይባላል፤ የሚያይ፣ የሚመዘግብ፣ እጁን ግን የማይዘረጋ ሰው ማለት ነው።

የመጀመሪያውን ፊልም ስንቱን ጊዜ ደጋግሜ አይቻለሁ። ሁለተኛውን ከአንድ ጊዜ በላይ ለማየት አልደፈርሁም። በዚያ ሌሊት ከመጋረጃው ጀርባ የቆመው ካሜራ እኔ ነበርሁና።

ያ የተቋጠረ ስንቅ እስኪነጋ ጠረጴዛው ላይ አደረ። ጠዋት ቁርስ ብለን በላነው።