ባለ አንድ ዓይን መኪና
አንባቢ ሆይ፤ በማታ አንድ መብራት ብቻ አብርቶ የሚመጣ መኪና ከሩቅ ሲያዩት ሞተር ቢስክሌት ይመስላል። ከፊቱ የሚመጣው ሾፌርም የቢስክሌት ያህል ስፍራ ብቻ ይለቅለታል፤ አደጋው ከዚህ ላይ ነው።

ጠመኔ የለመደ እጅ ዘይት አይነካም የሚሉ ባልንጀሮች አሉኝ። እኔ ግን የአሮጌ መኪናዬን አምፑል ከደጄ የምለውጠው ደብተር ከማረም ባነሰ ድካም ነው። መብራቱን አጥፍተህ እስኪበርድ ቆይ፤ ኮፈኑን ክፈትና ከመብራቱ ኋላ ሶኬቱን ንቀል፤ የጎማ ክዳኑን አውልቀህ የሽቦ መያዣውን ፍታ። በብዙ አሮጌ መኪና የሚገኘው ባለ 12 ቮልት ኤች 4 አምፑል ለሩቁ 60፣ ለቅርቡ 55 ዋት ነው፤ ከዚያ የበለጠ አትግዛ፤ ሙቀቱ ሶኬቱን ሊያቀልጠው ይችላል። አዲሱን ከብረቱ ያዝ እንጂ መስተዋቱን በጣትህ አትንካ፤ የጣት ወዝ ያረፈበት ቦታ ከመጠን በላይ ይግልና አምፑሉ ቶሎ ይቃጠላል። ካልበራ ፊውዙን ተመልከት።