በቁስቋም ስለ ድውያን ያሰብነው

ከጎንደር ወደ ደብረ ፀሐይ ቁስቋም ወጥተን፥ እቴጌ ምንትዋብ ያሠሩትን የግንብ ፍርስራሽ አይተን ስለ ድውያን ፈውስ አሰብን። አረማውያን ግሪኮች በአስክሊፒዮስ ቤተ ጣዖት ይተኙ ነበር፤ ክርስቲያንም በጠበል ደጅ ያድራል። በ1762 ዓ.ም. ፈንጣጣ ከዚህ ግቢ በገባ ጊዜ፥ እስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ እንደ ጻፈው፥ የዋልድባ መነኩሴ በመስቀልና በሥዕለ ማርያም ይፈውስ ዘንድ ተጠበቀ፤ የራስ ሚካኤል ልጅ ወልደ ሐዋርያት ግን ሞተ። ወይዘሮ አስቴርም ስለ ልጃቸው ፈርተው ለብሩስ ፈቀዱለት፤ እርሱም በርና መስኮቱን አስከፍቶ ቤቱን በሙቅ ውሃና በሆምጣጤ አሳጠበ። ልጁም ዳነ። ንጹሕ አየር ለድውይ ዕረፍት ነው እንጂ የፈንጣጣ መድኃኒት አይደለም፤ ፈንጣጣን ከዓለም ያጠፋው ክትባት ነው፥ መጥፋቱም በ1972 ዓ.ም. ታወጀ። እናቶች ሆይ፥ ጸሎታችንን ሳንተው ልጆቻችንን እናስከትብ።