ለገጣፎ ባዶ መሬት አልነበረችም

ስለ ታላቅ ከተማ የተጠየቀ ሰው ብዙ ይናገራል፤ ስለ ትንሽ መንደር የተጠየቀ ግን «ደግሞ እርሷ ምን ታሪክ አላት?» ብሎ ያልፋል። እኛ የታሪክና የሥነ ጽሑፍ ተማሪዎች ስለ ሮምና ስለ ለንደን፥ ስለ አክሱምና ስለ ጎንደር ተምረን ተፈትነናል። ከስድስት ኪሎ ተነሥቶ መገናኛ ላይ ታክሲ በመለወጥ ብቻ የሚደረስባትን ለገጣፎን ግን በየትኛውም ፈተና አላገኘናትም። ስለዚህ ያልተጠየቅነውን ለመመለስ ብዕራችንን አነሣን፤ አንባቢም ነጥብ እንዳይቀንስብን ከወዲሁ እንለምናለን።

በእንግሊዝ አገር ቢሆን ኖሮ ሥራችን በቀለለ ነበር። እዚያ ድል አድራጊው ንጉሥ ዊልያም፥ በአውሮፓ አቈጣጠር በ1086 ዓ.ም.፥ በየመንደሩ ስንት ማረሻ፥ ስንት ወፍጮ፥ ስንት ገባር እንዳለ አስቈጥሮ «ዱምስዴይ» በተባለው መዝገብ አስጽፏል። የአያቱን መንደር ታሪክ የሚፈልግ የኦክስፎርድ ተማሪ መጽሐፍ ቤት ገብቶ ይወጣል። በእኛም አገር የጎንደር አድባራት የርስትና የጉልት ጉዳያቸውን በወንጌላቸው ኅዳግ ላይ እየጻፉ አቈይተውልናል። የለገጣፎ መዝገብ ግን የቦታ ስምና የሽማግሌ አፍ ነው። ይህ መዝገብ ደግሞ አንድ ችግር አለበት፤ ሰነድ አምጡ በተባለ ጊዜ በጠረጴዛ ላይ አይቀመጥም።

እስቲ ከስሙ እንጀምር። «ለገ» በኦሮምኛ ወንዝ ማለት ነው። የጎረቤቷ የለገዳዲ ስምም በዚሁ ቃል ይጀምራል፤ «ዳዲ» ጠጅ ማለት ስለ ሆነ፥ ቋንቋውን ለሚያውቅ ሰው ስሙ የጠጅ ወንዝ ይሆናል። (ለገሃርን በዚህ ረድፍ የሚያስገባ ተማሪ ቢኖር ወደ ፈረንሳይኛ ክፍል ይላክልን፤ እርሱ የባቡር ጣቢያውን «ላ ጋር» ከማለት የመጣ ነው።) ወንዙን በጠጅ ስም የሚጠራ ሕዝብ የውኃን ዋጋ የሚያውቅ ሕዝብ መሆን አለበት። ይህም የቱለማ ኦሮሞ ነው፤ አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. ከመቈርቈሯ አስቀድሞ በዚህ አገር ከብቱን ያሰማራና እህሉን ይዘራ ነበር። እንግዲህ ማን በማን ደጅ ጎረቤት ሆኖ እንደ መጣ ከዚህ መረዳት ይቻላል።

የመንደሪቱን ጠባይ የቀረጸው ሌላው ነገር መንገዱ ነው። ከአዲስ አበባ ወደ ደብረ ብርሃንና ወደ ደሴ የሚወጣው መንገድ በለገጣፎ በኩል ያልፋል። ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. የማርሻል ባዶሊዮ ጦር አዲስ አበባ የገባው ከዚሁ ከደሴ አቅጣጫ ነው። ከነጻነትም ወዲህ ነጋዴው፥ ወታደሩ፥ እህል ጫኙና ተማሪው ሲመላለስበት ኖሯል። መንገድ ዳር ያደገ ሰው እንግዳ አይደንቀውም። በለገጣፎ ገበያ አንዲት ሻጭ ዋጋውን በኦሮምኛ ጀምራ በአማርኛ ስትጨርሰው፥ ገዢውም በተገላቢጦሽ ሲከራከራት ሰምተናል። በእኛ የውይይት ክበብ ሦስት ሰዓት የሚያጨቃጭቀን የቋንቋ ጥያቄ እዚያ በአንድ ጣሳ ሽምብራ ላይ ይፈታል።

ከዚያ በኋላ የከተማይቱ ጥማት መጣ። በ1962 ዓ.ም. ገደማ የለገዳዲ ግድብ ተሠራ፤ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ደግሞ የድሬ ግድብ ተጨመረ። የሁለቱም ውኃ ለገዳዲ ላይ እየተጣራ ወደ አዲስ አበባ ቧንቧ ይወርዳል። ውኃውን የሰጠው አገር በምላሹ ምን አገኘ? በ2008 ዓ.ም. የከተማው ቆሻሻ ከለገጣፎ አልፎ በሚገኘው በሰንዳፋ አካባቢ መጣል ጀመረ። ገበሬዎቹ ውኃችንና ከብታችን ተጎዳ ብለው ስለ ተቃወሙ፥ ዓመት ሳይሞላ ሥራው ቆመና ቆሻሻው ወደ ቆሼ ተመለሰ። መጋቢት 2 ቀን 2009 ዓ.ም. የቆሼ ክምር ተንዶ ከመቶ በላይ ሰዎች ሞቱ። የአንዱ ድኻ ሸክም ሲወርድ በሌላው ድኻ ላይ ወደቀ ማለት ነው።

አሁን ወደ መሬቱ እንምጣ፤ ይህ ጉዳይ እኛን ተማሪዎችን በቀጥታ ይነካናልና። በየካቲት 1957 ዓ.ም. የዚሁ ዩኒቨርስቲ ተማሪዎች «መሬት ለአራሹ!» እያሉ ወደ ፓርላማ ሰልፍ ወጥተዋል። በየካቲት 1967 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ባለርስቱ ሄደ፤ መሬቱ ግን የመንግሥት ሆነ እንጂ የአራሹ የግል ሀብት አልሆነም። አራሹ የሚጠቀምበት እንጂ የሚሸጠው አይደለም። በኋላም ከተማው ሲሰፋ፥ በ1997 ዓ.ም. በወጣው በአዋጅ ቁጥር 455፥ ማሳው የተወሰደበት ገበሬ ካሣ የሚታሰብለት ያለፉት 5 ዓመታት አማካይ የዓመት ገቢ በ10 ተባዝቶ ነበር። በአዋጅ ቁጥር 1161 ብዜቱ ወደ 15 ከፍ ብሏል። ሒሳቡን ለኢኮኖሚክስ ተማሪዎች እንተወውና እኛ አንድ ጥያቄ ብቻ እንጠይቅ፤ ጤፍ ከመዝራት በቀር ሌላ ሙያ ያልተማረ የ50 ዓመት ሰው በ16ኛው ዓመት ምን ይበላል?

የከተማይቱን መስፋፋት በዙሪያዋ ካለው የኦሮሚያ አካባቢ ጋር አንድ ላይ ያቀደው ማስተር ፕላን በ2006 እና በ2008 ዓ.ም. ብዙ ወጣቶች የሞቱበትን ተቃውሞ አስነሥቶ በጥር 2008 ዓ.ም. ተሰረዘ። በየካቲት 2011 ዓ.ም. ደግሞ በዚችው በለገጣፎ ብዙ ቤቶች ፈርሰው በሺህ የሚቈጠር ሰው ሜዳ ላይ ቀረ። አስተዳደሩ ቤቶቹ ከሕግ ውጪ የተሠሩ ናቸው አለ፤ ነዋሪዎቹ ደግሞ ከገበሬው ገዝተን፥ የመብራትና የውኃ ክፍያ እየከፈልን የኖርንበት ነው አሉ። በ2015 ዓ.ም. ለገጣፎ ከሰበታ፥ ከቡራዩና ከሱሉልታ ጋር ሸገር ከተማ በተባለው ውስጥ ተጠቃለለች። እኛ በዚህ ገጽ ዳኛ ሆነን ለመቀመጥ አንችልም። ነገር ግን አንድ ነገር ልብ ብለናል፤ ገበሬው ሲነሣም ሆነ የገበሬውን መሬት የገዛው ድኻ ሲነሣ፥ አንደኛው ወገን «ባዶ መሬት» ብሎ የሚጠራው ቦታ ሁልጊዜ የሌላው ወገን ቤት፥ ማሳ ወይም መቃብር ነበር።

ባለፈው ወር ሦስት ሆነን በሄድን ጊዜ፥ በአንድ ትልቅ ቪላ አጥር ሥር በርጩማ ላይ የተቀመጡ ሽማግሌ ዘበኛ አገኘን። «አባባ፥ እዚህ ከመቼ ጀምሮ ነዎት?» ብለን ብንጠይቃቸው ሳቁ። የሚጠብቁት ግቢ ቀድሞ አውድማቸው ኖሯል። የወይፈኖቻቸውን ስም፥ ውኃ የሚያጠጡበትን መልካ፥ በጋብቻ የተዛመዷቸውን ቤቶች ሁሉ ነገሩን። ልንሰናበት ስንል «ልጆቼ፥ ወንዛችን ከእኛ ቀድሞ ከተማ ገባ፤ እኛን ግን ከተማው ራሱ መጥቶ ወሰደን» አሉን። ይህን ሲናገሩ አልተቈጡም። ቢቈጡ ኖሮ ለእኛ ይቀልለን ነበር።

ጓደኞቻችን ሆይ፥ ከእኛ መካከል ብዙዎቻችን መንደራችንን ትተን የመጣን ነን። አንዳንዶቻችንም ነገ በየቢሮው ተቀምጠን ካርታ ላይ መስመር የምናሰምር እንሆናለን። መስመሩን የሚያሰምረው ሰው በዚያ ቦታ ማን እንደሚኖር፥ ወንዙ ማን እንደሚባል፥ የመጨረሻው መከር መቼ እንደ ተሰበሰበ ካላወቀ፥ ወረቀቱ ነጭ መስሎ ይታየዋል። ስለዚህ የምናቀርበው አሳብ ይህ ነው። ለዕረፍት ወደየቤታችን ስንሄድ እያንዳንዳችን ከአንድ አዛውንት እግር ሥር እንቀመጥና የመንደራችንን የስሟን ትርጉም፥ የመጀመሪያዎቹን ሰፋሪዎች፥ የመንገዷንና የውኃዋን ነገር፥ መሬቷ ከማን ወደ ማን እንደ ተላለፈ ጽፈን እንመለስ። ይህች መጽሔት ገጿ ትንሽ፥ ቀለሟም ደብዛዛ ነው፤ ቢሆንም የጎንደር ጸሐፊዎች የወንጌልን ኅዳግ ካልናቁ እኛም እርሷን የምንንቅበት ምክንያት የለም።

የለገጣፎውን ሽማግሌ ቃል እኛ ጀምረነዋል። የሰበታውን፥ የቡራዩንና የሱሉልታውን ማን ይጽፍልናል?