ሞተርም መተንፈሻ ይፈልጋል

ዛሬ ላካፍላችሁ የወደድሁት ስለ መኪና ጥገና ነው። "የመጋቢ ሚስትን ከሞተር ጋር ምን አገናኛት?" የሚል ቢኖር አልፈርድበትም። ነገር ግን ባለፈው ዓመት ባለቤቴና እኔ በግቢያችን ውስጥ የአሮጌዋን መኪናችንን ኦይል ሲል ስንቀይር ያገኘነው ትምህርት በብዙ የትዳር ሴሚናሮች ያልሰማሁት ነበርና ዝም ልል አልቻልሁም። መኪና ያላችሁ ለእጃችሁ፣ የሌላችሁም ለቤታችሁ የሚጠቅም ነገር ታገኙበታላችሁ ብዬ አምናለሁ። ስለ እርሱ የምጽፈውንም ባለቤቴ አንብቦ ፈቅዶልኛል።

የምናገለግለው በደቡብ ጎንደር፣ በእስቴ፣ መካነ ኢየሱስ ከተማ ነው። አዲስ አበባ ያሉ ወዳጆቻችን የከተማውን ስም ሲሰሙ "ከተማው በሙሉ ወንጌላዊ ነው እንዴ?" እያሉ ይቀልዱብናል። እውነቱ ግን ምእመናኑ ጥቂት ናቸው፤ ተበታትነውም ይኖራሉ። ስለዚህ ሕዝቡ ዲኤክስ የሚላት አሮጌ ቶዮታ ኮሮላችን የእኛ ብቻ አይደለችም። ምጥ የያዛት እኅት በሌሊት ስትጠራን፣ ሕመምተኛ ወደ ደብረ ታቦር ሲወሰድ፣ ለቅሶ ቤት እህል ሲላክ የምትሄደው እርስዋ ናት። መኪናዋ ቆመች ማለት አንድ ሰው ሳይደርስ ቀረ ማለት ነው።

ሌላ ለመግዛት ማሰብም አይቻልም። በ2016 ዓ.ም. መንግሥት በነዳጅ የሚሠሩ የቤት መኪናዎች ወደ አገር እንዳይገቡ ከልክሏል። በዚያው ዓመት ሐምሌ ወር ደግሞ የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ተደርጎ የመለዋወጫ ዋጋ ሰማይ ነካ። ከነሐሴ 2015 ዓ.ም. ወዲህም በክልላችን በተነሣው ግጭት ምክንያት መንገድ የተዘጋባቸው ብዙ ቀናት አልፈዋል። ባሕር ዳር ወስዶ ማሠራት እንደ ድሮው ቀላል አይደለም። እንግዲህ ያለችውን መጠበቅ፣ ከተበላሸችም በእጅ መጠገን ግድ ነው።

ጠብታው ከየት መጣ?

ነገሩ የጀመረው በጠብታ ነው። ጠዋት መኪናዋ ስትነሣ መሬቱ ላይ የሳንቲም ስፋት ያላት ጥቁር ነጥብ ትታይ ነበር። ከወር በኋላ ነጥቧ ሰሐን አከለች። ባለቤቴ በየቅዳሜው ዘይት ይጨምራል፤ ይነዳል፤ ደግሞ ይጨምራል። በኋላ አንድ ጋራዥ ወስዶ የሞተሩን የፊት ኦይል ሲል አስቀየረ። ገንዘቡ ተከፈለ፤ ሦስት ወር ሳይሞላ ግን ጠብታው ተመለሰ።

ኦይል ሲል ማለት በሚዞር ብረት ዙሪያ ዘይት እንዳያልፍ የሚያግድ የጎማ ቀለበት ነው። ከንፈር አለው፤ ከከንፈሩ ጀርባ ቀጭን የሽቦ ስፕሪንግ አለች። ስፕሪንጓ ከንፈሩን ወደ ብረቱ ቀስ አድርጋ ትጫነዋለች። ሞተሩ ቆሞ ሲንተከተክ እንኳ ያ ብረት በደቂቃ ወደ 800 ጊዜ ይዞራል፤ በጉዞ ላይ ደግሞ ብዙ እጥፍ ይሆናል። ይህ ሁሉ እየተሽከረከረ ዘይቱን የሚይዘው አንድ ስስ ከንፈር ነው። መጽሐፍ ቅዱስ ስለ ከንፈር ጥበቃ ደጋግሞ የሚናገረው ያለ ምክንያት እንዳልሆነ ያን ጊዜ አሰብሁ።

አንድ ቀን የቀድሞ የከባድ መኪና ሹፌር የሆኑ ጎረቤታችን መጡ። ሰፈሩ ሁሉ "ጋሼ" የሚላቸው የተከበሩ አባት ናቸው። ሞተሩን አስነሥተው የዘይት መሙያውን ክዳን ከፈቱ። እጃቸውን ከአፉ በላይ ዘረጉና "ልጆቼ፣ እጃችሁን አምጡ" አሉን። ከውስጥ ሙቅ ነፋስ እየገፋ ይወጣል። "ቀለበቱ ምንም አላጠፋም። ይህ ሞተር ትንፋሽ አጥሮት ነው። መውጫ ያጣ ነገር በደካማው በኩል ይወጣል" አሉ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ነዳጅ ሲቃጠል ከሚፈጠረው ጋዝ ጥቂቱ በፒስተኑ ቀለበቶች አልፎ ዘይቱ ወዳለበት ወደ ታችኛው የሞተር ክፍል ይገባል። ይህ በጤነኛ ሞተርም ያለ ነው። ለዚያም ነው ከላይኛው ክዳን ወደ አየር ማጣሪያው የምትሄድ መተንፈሻ ቱቦ የተሠራችው። ቱቦዋ በዘይት ጭቃ ስትደፈን ጋዙ መሄጃ ያጣል፤ ግፊቱ ይጨምራል፤ ዘይቱን በቀለበቱ ከንፈር በኩል ገፍቶ ያወጣዋል። የዚህን ጊዜ አዲስ ቀለበት ብትከቱ እርሱም ማፍሰሱ አይቀርም። የእኛን ቱቦ ነቅለን ብናያት ውስጧ እንደ ሬንጅ ሆኖ ነበር።

ሥራው

ቅዳሜ ጠዋት ጀመርን። ጋሼ ወንበር ይዘው አጠገባችን ተቀመጡ። እናንተም ብትሞክሩት ይረዳችሁ ዘንድ ቅደም ተከተሉን ልንገራችሁ።

በመጀመሪያ ሞተሩን አጥቦ ማድረቅና ለጥቂት ጊዜ አስነሥቶ ማየት ያስፈልጋል። ዘይት ወደ ታች ይወርዳል፤ ነፋስም ወደ ኋላ ይወስደዋል። ስለዚህ የሚንጠባጠብበትን ሳይሆን ከላይ መጀመሪያ የረጠበውን ቦታ ፈልጉ። ከዚያ ሞተሩ ይብረድ። መኪናዋ በደልዳላ መሬት ትቁም፤ ጎማዎቿ በድንጋይ ይደገፉ፤ የባትሪው ኔጌቲቭ ገመድ ይፈታ። ከሥር የምትገቡ ከሆነ ክሪክን ብቻ ፈጽሞ አትመኑ፤ ጠንካራ ድጋፍ አድርጉ።

ቀጥሎ ቬንትሌተሩና ቺንጋው ይወጣሉ፤ ቦታ ከጠበበም ራዲያተሩ ይነሣል። ከዚያ ቺንጋው የሚዞርበት የሞተሩ ፑሊ ቡሎን ይፈታል። እዚህ ላይ ነው ሁለት ሰው የሚያስፈልገው። ቡሎኑ ጠባቂ ከሌለው ሞተሩ አብሮ ይዞራል። እኔ ከመሪው ኋላ ተቀምጬ መኪናዋን አራተኛ ማርሽ አስገባሁና ፍሬኑን በሙሉ ኃይሌ ረገጥሁ፤ ባለቤቴ ከፊት ረጅም እጀታ ባለው ቁልፍ ታገለ። "ያዝሽ?" ይላል፤ "ይዣለሁ!" እላለሁ። በአራተኛው ሙከራ ተፈታ። ፑሊውን ከዘንጉ ጋር የምታያይዘውን ትንሽ ብረት እንዳትጠፋብን በመሐረብ ቋጠርናት።

አሮጌው ቀለበት ሲወጣ ብረቱን መጫር አይገባም፤ የካቻቢቴውን ጫፍ በጨርቅ ጠቅልሉት። ከንፈሩ ሲያርፍበት የኖረውን የፑሊውን አንገትም በጥፍራችሁ ዳስሱ። ጥፍር የሚይዝ ጎድጓዳ መሥመር ካለ አዲሱ ቀለበት ብቻውን አያድናችሁም፤ ፑሊውም መቀየር ይኖርበታል። የእኛው ለስላሳ ነበር፤ ጌታ ይመስገን።

አዲሱ ሲገባ ስፕሪንግ ያለበት ጎን ወደ ውስጥ፣ ወደ ዘይቱ ይዞራል። ከንፈሩም አስቀድሞ በንጹሕ የሞተር ዘይት ይቀባል። ደረቁን የገባ ቀለበት ሞተሩ በተነሣ በደቂቃዎች ውስጥ ተቃጥሎ ይበላሻል። ከዚያ በአንድ ወገን ሳይጣመም፣ ስፋቱ የሚመጥን ቱቦ ወይም አሮጌውን ቀለበት ደግኖ፣ ዙሪያውን እኩል እየመቱ ማስገባት ነው። የፈሰሰውንም ዘይት መሬት ላይ አትድፉት፤ አፈርም ውኃም ይበክላል።

ሥራችንን አጥር ላይ ሆኖ ያየ አንድ መንገደኛ "ፓስተሩ ደግሞ መካኒክ ሆነ!" ብሎ ሳቀ። ጋሼ "ጋፋት ምን ያህል ሩቅ ነው?" ብለው መለሱለት። እውነታቸውን ነው። ከ150 ከሚበልጡ ዓመታት በፊት ወደ አፄ ቴዎድሮስ አገር ከመጡት የወንጌል መልእክተኞች መካከል ወንጌልን ከእጅ ሥራ ጋር ይዘው የመጡ አውሮፓውያን ባለ ሙያዎች ነበሩ። ንጉሡ ግን ደብረ ታቦር አጠገብ ጋፋት ላይ መድፍ አሠሩአቸው። ሴባስቶፖል የተባለው ትልቁ መድፍ እ.ኤ.አ. በ1867 ተሠርቶ፣ በጋይንት በኩል እየተጎተተ መቅደላ ደረሰ። ያሰቡት ሌላ፣ የታዘዙት ሌላ ነበር። ሐዋርያው ጳውሎስም ድንኳን ሰፊ እንደ ነበረ የሐዋርያት ሥራ 18 ይነግረናል። በአገልጋይ እጅ ላይ ዘይት መታየቱ ነውር አይደለም።

በቤታችን ያለው ግፊት

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ቱቦዋን በላምባ የማጠብ ሥራ የእኔ ነበር። ባለቤቴ አጠገቤ ተቀምጦ ቡሎኖችን ያጸዳል። ጭቃው በሽቦ እየተገፋ ሲወጣ ለረጅም ጊዜ ዝም ብሎ አየና "እኔም እንደዚህች ቱቦ ሆኛለሁ" አለኝ። ቀጥሎም የአገልግሎት መልቀቂያ ደብዳቤ ጽፎ መጽሐፍ ቅዱሱ ውስጥ እንዳስቀመጠ ነገረኝ።

"መቼ ጻፍኸው?"

"ከፋሲካ በፊት።"

ጊዜው ጥቅምት ነበር። ስድስት ወር ሙሉ ከእኔ ጋር እየበላ፣ እየጸለየ፣ ደብዳቤውን ተሸክሞ ኖሯል። በእነዚያ ወራት የቀበራቸው ሰዎች ብዙ ነበሩ። ያጽናናቸው እናቶች ልቅሶ፣ ቤታቸውን ጥለው የመጡ ቤተሰቦች ጥያቄ፣ የዘገየው ደመወዝ፣ ይህ ሁሉ ወደ ውስጥ ገብቶ አንዱም አልወጣም። "መጋቢ አይደክምም" የሚለው አስተሳሰብ ቱቦውን ደፍኖታል።

ፍሳሹን ግን ሁላችንም አይተነው ነበር። በትንሽ ነገር ልጆቹን ይቆጣ ነበር፤ እራት ላይ አይናገርም፤ ስብከቱ ውስጥ ቁጣ ገባ። ጉዳዩን ያዋየናቸው ወገኖች በፍቅር መከሩን፤ "ታገሡ፣ ተቻቻሉ፣ አንደበትን ግቱ" አሉን። ምክሩ መልካም ነው፤ ቃሉም የሚለው ይህንኑ ነው። ነገር ግን ይህ ከንፈሩን መቀየር ነው። ለጥቂት ሳምንታት ይይዛል፤ ከዚያ ግፊቱ ይበረታበታል።

በዕብራውያን 2፥1 ላይ ከሰማነው ነገር እንዳንወሰድ እንድንጠነቀቅ ታዝዘናል። በመጽሐፍ ቅዱስ ኮሌጅ ሳለን የግሪኩ ቃል "ፓራሬኦ" እንደሆነ ተምረን ነበር፤ ቀስ ብሎ በአጠገብ ፈስሶ ማለፍ የሚል አሳብ አለው። ሰው በአንድ ቀን አይገነፍልም። በጠብታ ያልቃል። መክብብ 10፥18ም ቤት የሚያፈስሰው እጅ ሲቦዝን እንደሆነ ያስተምራል። እጅ ደግሞ የሚቦዝነው በስንፍና ብቻ አይደለም፤ ማን ይስማኛል ብሎ በመዛልም ነው።

ስለዚህ ባለ ትዳሮች ሆይ፣ የትዳር ጓደኛችሁ ከንፈር ሲያፈስስ "ለምን እንዲህ ተናገርህ? ለምን እንዲህ ተናገርሽ?" ከማለት በፊት "ምን ገፋህ? ምን ገፋሽ?" ብላችሁ ጠይቁ። ይህ ማለት ክፉ ቃል ይፈቀዳል ማለት አይደለም፤ እኛም አሮጌውን ቀለበት አውጥተን አዲስ አስገብተናል። ንስሐም ይቅርታም ያስፈልጋል። ነገር ግን መተንፈሻው ሳይከፈት የተቀየረ ቀለበት ድካም ብቻ ነው።

እኛ ያደረግነውን በሦስት ነገር ልንገራችሁ። አንደኛ፣ በሳምንት ሁለት ምሽት ልጆቹ ከተኙ በኋላ ቡና ሳናፈላ፣ ስልክ ሳንነካ እንቀመጣለን። ያን ጊዜ አንዱ ይናገራል፤ ሌላው አይመክርም፣ አይገሥጽም፣ ይሰማል። ሁለተኛ፣ ባለቤቴ ያን ደብዳቤ ሳይልከው ለሽማግሌዎች አነበበላቸው። እነርሱም አለቀሱ። በወር አንድ እሑድ ሌሎች እንዲሰብኩ፣ ሰኞም የእርሱ ዕረፍት እንዲሆን ወሰኑ። ገላትያ 6፥2 ሸክም ተሸካሚ መሆንን የሚያዝዘው ምእመናንን ለመጋቢያቸውም ጭምር ነው። ሦስተኛ፣ ልጆቹን በስማቸው ጠርቶ ይቅርታ ጠየቃቸው።

ሁሉም ነገር ተፈታ ብዬ አልዋሻችሁም። ደብዳቤው አልተቀደደም፤ አንዳንድ ሳምንት ያወጣዋል፤ አብረን እናነበዋለን፤ ይመልሰዋል። ዛሬ ግን የተደበቀ አይደለም። መኪናዋም ብትሆን እንደ አዲስ አልሆነችም። ጋሼ እንዳዘዙን ቱቦዋን በየጊዜው ነቅለን እናያታለን፤ ዘይቱን በየሳምንቱ እንለካለን።

እኅቶች፣ በተለይ የአገልጋዮች ሚስቶች፣ ባሎቻችሁ ዝም ሲሉ ዝምታውን ሰላም ነው ብላችሁ አትለፉት። ባሎችም፣ ሚስቶቻችሁ "ደኅና ነኝ" ሲሉ አንድ ጊዜ ጨምራችሁ ጠይቁ። ጉባኤዎች ሆይ፣ መጋቢያችሁን የሚሰብከውን ብቻ ሳይሆን የሚሸከመውንም ጠይቁት።

ሸክማችንን በእርሱ ላይ እንድንጥል የፈቀደልን ጌታ በየቤታችሁ የተዘጋውን ይክፈት፤ የሚፈስሰውን ይጠግን፤ ዘይታችሁን ይጠብቅ። አሜን።