ከጣቢያ ወጥታ የት ትግባ?

ልጅ አዝላችሁ ገበያ የምትወጡ እናቶችና አምሽታችሁ ከሥራ የምትመለሱ እኅቶች፤ ዛሬ የማጫውታችሁ ስለ ሌባና ስለ ፖሊስ ነው።

አዲስ አበባ፣ መርካቶ ውስጥ ቦርሳዬ በምላጭ ተቀዶ ያውቃል። ጣቢያ ሄጄ ቃሌን ስሰጥ ተረኛው በቅድሚያ የጠየቀኝ «ሰውየውን ለይተሽ ታውቂዋለሽ?» ብሎ ነበር። በዚያ ሁሉ ሕዝብ መካከል ማንን ልለይ? ከተማይቱ ሰፊ ናት፤ ሌባውም፣ ፖሊሱም፣ ተበዳይዋም አይተዋወቁም። በሰኔ 2011 ዓ.ም. መጨረሻ ሞተር ብስክሌት ከጎዳናዋ ሲታገድ አንዱ ምክንያት ቅሚያ እንደነበር ታስታውሱ ይሆናል። ቀማኛውን መለየት ሲቸግር መጓጓዣው ተከለከለ።

ድሬዳዋ ሌላ ናት። ባጃጅ ውስጥ ሻንጣዬን ረስቼ ብወርድ፣ የመጋላ ሻይ ሻጮች ሾፌሩን በእናቱ ስም ያውቁት ኖሮ ማታውኑ አስመጡልኝ። ፖሊስም አልተጠራ።

ይህንኑ ሽንሌ ላይ ለአንዲት የግመል ወተት ነጋዴ እያወደስኩ አወራሁ። «ኤዶ፣ እዚህስ ሌባ አለ?» አልኳቸው።

«አይጠፋም፤ ሽማግሌ ተቀምጦ ያስከፍለዋል» አሉኝ።

የኢሳ ሶማሌዎች ሔር በቃል የሚተላለፍ ሕግ ነው፤ በ2017 ዓ.ም. በዩኔስኮ የቅርስ መዝገብ ሰፍሯል። አጥፊው ብቻውን አይቆምም፤ ጎሣው አብሮት ይከፍላል። ቂምም በዚሁ ይበርዳል። እኔም ይህን አደንቃለሁ።

ሴትዮዋ ግን ቀጠሉ። የእኅታቸውን ጥርስ ባሏ ሰበረው። ሽማግሌዎች ተቀመጡ፤ ካሣ ተቆረጠ፤ የተረከቡት ወንድሞቿ ናቸው። በሶማሌ ልማድ የወንድ ደም 100 ግመል፣ የሴት 50 መሆኑንም የነገሩኝ የወተት ዋጋ እንደሚናገር ሰው ነው።

«አዲስ አበባ ፖሊሱ የሴትን ቃል ብቻዋን ብትመጣም ይጽፋል?»

«ይጽፋል» አልኳቸው። ያን ያማረርኩበትን ጣቢያ አሰብኩ። ማንም ማንንም የማያውቅበት መሆኑ ለእኅታቸው ሳይሻላት አይቀርም። በ1997 ዓ.ም. በሥራ ላይ የዋለው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 564 የትዳር ጓደኛን መደብደብ ወንጀል መሆኑን ሲደነግግ ሽንሌን ከአዲስ አበባ አልለየም።

«ታዲያ ለምን አልከሰሰችም?»

«ከጣቢያ ወጥታ የት ልትገባ፣ ልጄ?»

ወተቱ እንዳይበላሽባቸው ወደ ድሬዳዋ የምትሄደው መኪና ላይ ወጡ። መልስ አልሰጠኋቸውም። ከእናንተ መካከል ከስሳ ወደ ቤቷ የተመለሰች ካለች፣ እንዴት እንደሆነላት ትጻፍልኝ፤ ወደ ሽንሌ ስሄድ አደርስላቸዋለሁ።